ድምፁ እስኪመለስ

በጸጉር ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰዓት አለ፤ ቀና ብሎ የሚያየው ሰው ግን የለም። ባለቤቷ የምትሠራው በዘፈን ነው። ሠላሳ ዓመት ሙሉ የጸጉር ማለስለሻ ክሬም ቀብታ የመጨረሻዋን ዘለላ በጨረሰች ቁጥር፣ ጓንቷ በክሬም ስለተለወሰ በክርኗ የቴፑን ቁልፍ ትጫናለች። ከዚያ በኋላ ምን መቼ እንደሚደረግ የሚነግራት ዘፈኑ ነው።

ዘፈኑ የሰማንያዎቹ የውጭ አገር ዘፈን ነው። ያኔ ለዳንስ ቤት እየተባሉ ከዋናው ላይ እየተለጠጡ ይሠሩ ከነበሩት ረጃጅሞች አንዱ ሲሆን፣ በቤቱ ውስጥ «ረጅሙ» ከመባል በቀር እውነተኛ ስሙን የሚያውቀው ደንበኛ የለም። መጀመሪያ ሁለት ደቂቃ ያህል ከበሮ ብቻውን ይመታል፤ ያን ጊዜ ባለቤቷ ጓንቷን አጥባ ትመለሳለች። ከዚያ ቤዝ ጊታሩ ይገባል፤ ከዚያ ዘፋኙ። ያን ጊዜ በማበጠሪያው ጀርባ ጸጉሩን እየተጫነች ታስተኛዋለች። መሐል ላይ ሁሉም ነገር ድንገት ይወድቃል። ከበሮ የለ፣ ዘፋኝ የለ፤ ቤዝ ጊታሩ ብቻውን እንደ ዘበኛ ቤቱን ይዞራል። በዚያች ደቂቃ ሌላ ደንበኛ ካለች እሷን ታያለች። ሰባተኛው ደቂቃ ላይ ከበሮው ተመልሶ ዘፋኙ እንደገና አፉን ሲከፍት፣ ክሬም የተቀባችው ደንበኛ በገዛ ፈቃዷ ተነሥታ ወደ ማጠቢያው ትሄዳለች። ማንም «ተነሺ» አይላትም። ክሬሙ ራስ መቆንጠጥ ሲጀምርም የምታማርር የለችም፤ ከድምፁ መመለስ ስንት እንደቀራት ታውቃለችና።

ይህ ሁሉ የባለቤቷን ልጅ አንጀት ያሳርራት ነበር። ልጅቷ በኬሚስትሪ ተመርቃ፣ ሥራ እስክታገኝ እየተባለ እናቷ ቤት ቀጠሮ ስትጽፍና ፎጣ ስታጥብ ሁለት ዓመት ሞላት። ደንበኞቹ «ምሁሯ» ይሏታል፤ ግማሾቹ በፍቅር፣ ግማሾቹ ለነገር። ክሬሙ ጸጉር ውስጥ ገብቶ ምኑን ከምኑ እንደሚፈታ፣ ስንት ደቂቃም እንደሚበቃው በወረቀት ጽፋ ማሳየት ትችላለች። አንዴ አሳይታም ነበር። እናቷ ወረቀቱን ገልብጣ አየችና «ጥሩ ነው። ከበሮው የቱ ጋ ነው?» አለቻት።

ስለ ዘፈኑም የራሷ አቋም ነበራት። ሰውየው ያለው ጥያቄ አንድ ነው፤ ትመጪያለሽ ወይስ አትመጪም። ይህን በሦስት ደቂቃ ጠይቆ መልሱን ሰምቶ ወደ ቤቱ መሄድ ይችላል። እሱ ግን መጀመሪያ ከበሮ ያስመታል፣ ይጠይቃል፣ ድንገት ይጠፋል፣ ተመልሶም ያንኑ ይጠይቃል።

«ይኼ ዘፈን አይደለም። ‹ዛሬ ሂዱ ነገ ኑ› የሚል ቢሮ ነው» ትላለች።

«ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል።»

«እስካሁን ሲሄድ ያየሁት እንቁላል የለም፣ እማዬ።»

«ስለማትጠብቂው ነው።»

በዚያ ሰሞን ግን የምትቸኩልበት ሌላ ጉዳይ ነበራት። በሌላ ከተማ ያለ የውሃ መመርመሪያ ላቦራቶሪ ሊቀጥራት ፈልጎ «እስከ ሰኞ ቁርጥሽን አሳውቂን» ብሎ ጽፎላታል። ለእናቷ አልነገረቻትም። እናቷ ጉልበቷን ያማታል፤ ፎጣውን፣ ውሃ ማሞቂያውንና ቀጠሮውን የያዘችው ልጅቷ ናት። «ልሂድ» ብትላት «ሂጂ» እንደምትላት ታውቃለች። ያልተመቻት እናቷ በዚያ ጉልበት ብቻዋን ከወንበር ማጠቢያ፣ ከማጠቢያ ወንበር ስትንከላወስ መዋሏ ነው። ስለዚህ የምትመኘው አንድ ነገር ነበር፤ እናቷ በራሷ ፈቃድ ቤቱን እንድትዘጋው። የጎረቤቱ ፎቶ አንሺ ክፍሉን ገዝቶ ከስቱዲዮው ጋር ሊቀላቅለው ከጠየቀ ዓመት አልፎታል። እናቷ በጠየቃት ቁጥር መልሷ «እጄ ሲከዳኝ እጠራሃለሁ» ነው።

ማክሰኞ ጠዋት ቴፑ ካሴቱን በላው። እናትና ልጅ ክሩን በሁለት ማበጠሪያ እየጎተቱ ከቴፑ ሆድ አወጡት፤ የወጣው ግን እንደ ደረቀ ቅጠል የተጨማደደ ነገር ነበር። እናት ካሴቱን በመዳፏ ይዛ ትንሽ ቆመችና ቆሻሻ መጣያው ውስጥ ጣለችው።

«እስከ ሐሙስ ፈልጊልኝ። ዳይሬክተሯ ሐሙስ ይመጣሉ፤ እስከዚያ ክሬም የሚቀባ የለም» አለች። «ኢንተርኔት ላይ የሌለ ነገር የለም ትዪ የለ?»

ልጅቷ በሁለት ደቂቃ ውስጥ አምስት አገኘች። አንዱ ሦስት ደቂቃ ከሃምሳ ሰከንድ ነው፣ ሌላው አምስት ተኩል፣ ከዚያ ስድስት፣ ስምንት፣ የመጨረሻው አሥራ ሦስት። ዘፋኙ ያው፣ ርእሱ ያው። አንዱንም አላዳመጠችም። በሆዷ «ረዥም አይደል የምትወጂው፣ እንኪ» ብላ ባለ አሥራ ሦስቱን ስልኳ ላይ ጫነችና ከድምፅ ማጉያው ጋር አገናኘችው። እናቷ ከበሮውን አንድ ደቂቃ ያህል ሰማች።

«እሱ ራሱ ነው። እንዲያውም ጠርቷል» አለች፤ ወደ ሥራዋም ተመለሰች።

ሐሙስ ዳይሬክተሯ መጡ። የሰፈሩን ትምህርት ቤት ሠላሳ አንድ ዓመት አስተዳድረው በጡረታ ሊወጡ ነው፤ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ የመሸኛ ዝግጅት አለ። ሃያ ዓመት ሙሉ ጸጉራቸውን ሌላ ሰው አስነክተው አያውቁም። ከጎናቸው አንዲት ነርስ ጸጉሯን በቢጎዲን ተጠቅልላ በጸጉር ማድረቂያው ካስክ ውስጥ ተቀምጣለች፤ ካስኩ ከሚያወርደው የሞቀ አየር በቀር ምንም አትሰማም።

«ጠንካራውን ቀቢኝ። መድረክ ላይ ነው የምወጣው» አሉ ዳይሬክተሯ።

«ምነው እትዬ፣ ንግግር ነው ወይስ ዳንስ?»

«እንደ ሁኔታው ነው። የእነሱ ንግግር ከረዘመ እኔ እደንሳለሁ።»

እናት የመጨረሻዋን ዘለላ ቀብታ «አስጀምሪው» አለች፤ ምሁሯ ስልኩን ነካችው። ከበሮው ሄደ። ቤዝ ጊታሩ ገባ፣ ዘፋኙ ገባ። እናት በማበጠሪያው ጀርባ ጸጉሩን አስተኛች። መሐል ላይ ሁሉም ሲወድቅና ቤዝ ጊታሩ ብቻውን ሲቀር፣ እንደ ወትሮዋ ጓንቷን አውልቃ ወደ ነርሷ ዞረች፤ ቢጎዲኖቹን እየፈታች ጆሮዋን ወደ ድምፅ ማጉያው አዘነበለች። ቤዝ ጊታሩ ይዞራል። አሁንም ይዞራል።

«ዛሬ አቃጠለኝ» አሉ ዳይሬክተሯ።

«ድምፁ አልተመለሰም፣ እትዬ።»

«እሱማ አልተመለሰም። ዛሬ አልረዘመም ግን?»

«እኔም እንደዚያ መስሎኝ ነበር።»

«አርጅተን ነው እባክሽ። ሰው ሲያረጅ ሁሉም ነገር ይረዝምበታል።»

ምሁሯ ጠረጴዛዋ ላይ ለላቦራቶሪው ኢሜይል እየጻፈች ነበር፤ ሁለት ሳምንት እንዲጨምሩላት ልትጠይቅ። የሁለቱን ንግግር ሰማች። ስልኳን አየች፤ ዘጠኝ ደቂቃ ከአርባ ሰከንድ ይላል። ቁጥሩ ልክ እንዳልሆነ ገባት። ዓረፍተ ነገሩ ግን መሐሉ ላይ ነበረና ልጨርሰው አለች። ጨረሰችው፤ አንዲት ቃል ደግሞ አስተካከለች። ቀና ስትል ከበሮው ተመለሰ፣ ዘፋኙ አፉን ከፈተ፣ ዳይሬክተሯ ከወንበሩ ተነሡ። አሥራ አንድ ደቂቃ ከሃያ ሆኖ ነበር።

ማጠቢያው ላይ ከቀኝ ጆሯቸው በላይ ያለው ጸጉር ከውሃው ጋር ወረደ። አንድ መዳፍ ያህል ነው። ከሥሩ ያለው ቆዳ ቀልቶ ውሃ ቋጥሯል። እናት ውሃውን አላቆመችም፤ በግራ እጇ የዳይሬክተሯን አንገት ደግፋ፣ በቀኟ እያጠበች፣ የተነቀለውን ጸጉር ሰብስባ ከዓይናቸው አራቀችው። ነርሷ ቢጎዲኗ ተንጠልጥሎ መጥታ ቁስሉን አየችና ቅባት ጽፋ ሰጠች። ዳይሬክተሯ መስታወቱን ጠየቁ። ረዘም አድርገው አዩ።

«ድምፁ አልመጣም ብዬ እኮ ነው ዝም ያልኩት» አሉ። ሻሻቸውን አሥረው ወጡ።

እናት የቀሩትን ቢጎዲኖች አንድ በአንድ ፈታች፤ ነርሷን ሸኘች፤ ከዚያ በደንበኛ ወንበር ተቀመጠች። ምሁሯ እናቷ በዚያ ወንበር ስትቀመጥ አይታ አታውቅም።

«ሰምተሻቸዋል፤ አርጅተናል አሉ» አለች እናት። «ረዝሞብኝ ነበር፤ ግን ራሴን አላመንኩትም። እጄን ነበር የፈራሁት፤ የከዳኝ ጆሮዬ ነው። ነገ ፎቶ አንሺውን ጥሪልኝ።»

ምሁሯ «እሺ» አለች።

ከፋኝ አላለችም፤ ደስ አለኝም አላለችም። ማታውን በልታ ተኛች። የተመኘችው ነገር በእጇ ገብቷል፤ ማድረግ ያለባት ዝም ማለት ብቻ ነው። ሰው ደግሞ ያላጠፋውን ጥፋት አጠፋሁ ብሎ በሰላም ጡረታ ሊወጣ ይችላል፤ ስንቱ እንደዚያ ይወጣል።

ዓርብ እናቷ ለዳይሬክተሯ ቅባቱን ልታደርስ ስትወጣ፣ ምሁሯ ባዶው ጸጉር ቤት ውስጥ ወረቀት አወጣች። የኬሚስትሪ ሰው ነገር፣ ከመጸጸት በፊት መለካት ይቀናታል። አምስቱንም ዘፈኖች በተራ ከፈተችና ዘፋኙ የሚመለስበትን ደቂቃ ጻፈች። በአጭሩ ውስጥ ጭራሽ አይጠፋም፤ ጥያቄውን ጠይቆ ያበቃል። በሌሎቹ ሦስተኛው ደቂቃ ላይ፣ አራተኛው ላይ፣ ስድስተኛው ላይ ይመለሳል። በባለ አሥራ ሦስቱ አሥራ አንደኛው ላይ። ሰባተኛው ደቂቃ ላይ የሚመለስ አንድም የለም። ለአጎቷ ደወለች። የእናቷ ታላቅ ወንድም ነው፤ በወጣትነቱ ዳንስ ቤት ሸክላ ያጫውት ነበር፤ ካሴቱን የቀዳውም እሱ ነው።

«እሱንማ የትም አታገኚውም» አላት። «እኔ ነኝ የሠራሁት። አንዱን ሸክላ ሁለት ገዝቼ፣ ይኼኛው ከበሮውን ሲጨርስ ያኛውን ከመጀመሪያው አስነሣዋለሁ። ከበሮው እጥፍ ሆነ ማለት ነው። የእናትሽን ክሬም መች አውቄ፤ ለሰው ነው የሠራሁት።»

«ለምንድነው ማስረዘም ያስፈለገው፣ አጎቴ? ዘፈኑ እንደሆን የሚለው ነገር የለው።»

«አንቺ ዳንስ ቤት ገብተሽ ታውቂያለሽ?»

«አላውቅም።»

«ታዲያ ስሚኝ። አጭሩ ዘፈን ለማያፍር ሰው ነው። የማያፍረው በመጀመሪያው ምት ዘሎ ይገባል። ያፈረው ደግሞ ግድግዳ ተደግፎ ልግባ አልግባ እያለ ከራሱ ጋር ሲሟገት ዘፈኑ ያልቅበታል። ዓይን አፋር ሰው ከግድግዳ ለመላቀቅ አራት ደቂቃ ይፈልጋል። ቆጥሬዋለሁ። እኔ ለእሱ ነበር ከበሮውን የማስረዝምለት።»

«መሐል ላይ የሚጠፋውስ?»

«እሱ የሸክላው ነው፤ እኔ አልነካሁትም። ሰው ሞቆት ሲደንስ ድንገት ሁሉንም ታነሺበታለሽ። እንደሚመለስ ያውቃል፤ ግን መቼ እንደሆነ አያውቅም። ይጠብቃል። ሲመለስ የሚጮኸውን ጩኸት ብትሰሚ … ያንኑ የሰማውን ነገር ነው እኮ የሰጠሽው። ግን አስጠብቀሽው ነው የሰጠሽው።»

«ካላስጠበቁት አይጮኽም?»

«አንቺ መቼም የሠርግ ጥሪ ቢደርስሽ የሚያልቅበትን ሰዓት ነው የምታዪው» አላትና ሳቀ።

ስልኩን ከዘጋች በኋላ ባለ ስምንቱን ከፍታ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። የምታዳምጠው የት ላይ ቢቆረጥ ጉዳት እንደሌለው ልትፈልግ ነበር። የመጀመሪያውን ከበሮ ልትቆርጥ አሰበች፤ ከዚያ ግን ቤዝ ጊታሩ ሲገባ ከምን ላይ ነው የሚገባው? ተወችው። የመሐሉን ዝምታ ልትቆርጥ አሰበች፤ ዝምታው ሲመጣ እስክሪብቶዋን ይዛ ጠበቀች። ድምፁ ተመለሰ። ዝምታው ከየት እስከ የት ቢቆረጥ እንደሚሻል መጻፍ ነበረባት፤ አልጻፈችውም። እንደገና መክፈት ግድ ሆነባት፤ በዚህም ተናደደች።

አንድ ነገር ግን ተጣርቶላታል። የእናቷ ጆሮ ጤነኛ ነው። ረዝሟል ብሎ ነግሯት ነበር፤ የረዘመውም በልክ አራት ደቂቃ ከሃያ ሰከንድ ነው።

ቅዳሜ ጠዋት ፎቶ አንሺው ሜትር ይዞ መጣ። ከግድግዳ ግድግዳ እየለካ «መስታወቶቹን የሚገዛሽ ሰው አውቃለሁ» ይላል። እናት በሩ አጠገብ ቆማ መሀረቧን ታጥፋለች፤ ትዘረጋለች።

«እማዬ» አለች ምሁሯ፤ «ያ ዘፈን አሥራ ሦስት ደቂቃ ነው።»

እናት አልገባትም። «የትኛው ዘፈን?»

«የሐሙሱ። የአንቺ ካሴት ዘጠኝ ደቂቃ ነበር። አጎቴ ነው የሠራው፤ ሌላ ቦታ የለም። እኔ ሳላዳምጥ ባለ አሥራ ሦስቱን አመጣሁት። ድምፁ የተመለሰው ሰባተኛው ላይ ሳይሆን አሥራ አንደኛው ላይ ነው። ረዘመብኝ ስትዪ ልክ ነበርሽ።»

ፎቶ አንሺው ሜትሩን እንደዘረጋ ቆመ።

«የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» አለች እናት ዝግ ብላ። ከዚያ ደግሞ፣ «ረዘመ ስንባባል ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ።»

«ሰዓቱንስ አይተሻል?»

«አይቻለሁ። ዘጠኝ ከአርባ ይል ነበር።»

«እና?»

«ኢሜይል እየጻፍኩ ነበር። ዓረፍተ ነገሩን ልጨርስ ብዬ።»

«ለማን?»

እዚህ ላይ መዋሸት ይቻል ነበር። ምሁሯ ግን አንዴ ከጀመረች በግማሽ ማቆም አትወድም። የላቦራቶሪውን ነገር፣ ሰኞን፣ ጉልበቷን፣ ቤቱ በራሱ ቢዘጋ ብላ መመኘቷን በአንድ ትንፋሽ ነገረቻት። እናቷ እስክትጨርስ አላቋረጠቻትም።

«ሁለት ቀን ጆሮዬ ሞቷል ብዬ ስዞር ዝም አልሽኝ» አለች በመጨረሻ።

«አዎ።»

«ጎበዝ። ጉልበቴ አሳዘነሽና ጆሮዬን ልትወስጂልኝ ነበር።» ወደ ፎቶ አንሺው ዞረች። «ሜትርህን ጠቅልል፣ ወንድሜ።»

«ኧረ እትዬ፣ ተስማምተን አልነበረም እንዴ?»

«እጄ ሲከዳኝ ነበር ያልኩህ። የከዳኝ ሌላ ነው።»

ሰውየው ሜትሩን ሲጠቀልል የብረቱ ድምፅ ብቻ ይሰማ ነበር። ሲወጣ ምሁሯን አየት አድርጎ ራሱን ነቀነቀ፤ ከእናትዬው ይልቅ የተቀየመው እሷን ነው።

«ፎጣ የሚያጥብ ሰው አይጠፋም» አለች እናት። «ሥራሽን ሂጂ። ግን መጀመሪያ እሳቸው ዘንድ ትሄጃለሽ፤ አሁን፣ ወደ ሽኝቱ ሳይወጡ። እኔ ይቅርታ ጠይቄያቸዋለሁ፤ የጠየቅሁት ግን የራሴን ጥፋት መስሎኝ ነው። ያንን መልሰሽ አምጪልኝ።»

የዳይሬክተሯ ቤት ሁለት መንገድ ተሻግሮ ነው። በሩን የከፈቱት ራሳቸው ነበሩ። ጥቁር ሰማያዊ ልብስ ለብሰዋል፤ በራሳቸው ላይ ነጭ የቁስል መሸፈኛ፣ በእጃቸው ገና ያልታሠረ ሻሽ።

«እናትሽ ናት የላከችሽ?»

«አዎ። የምናገረው ግን የራሴን ነው።»

እዚያው በሩ ላይ ቆማ ነገረቻቸው። አላስረዘመችውም፤ አራት ዓረፍተ ነገር በቃት፤ ዘጠኝ ከአርባውን ጭምር። ዳይሬክተሯ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው ሰሙ።

«ሠላሳ አንድ ዓመት ‹መስኮቱን የሰበረው ማነው?› ስል ኖሬያለሁ» አሉ። «ሳልጠይቀው በገዛ አፉ ሲናገር አንቺ ሦስተኛዬ ነሽ።»

«ሁለቱን ምን አደረጓቸው?»

«ቀጣኋቸው። ምን ላድርጋቸው ኖሯል?» ወደ ውስጥ ገቡ፤ በሩን ግን ክፍት ተዉት። ተከተለቻቸው። «እኔም እኮ አልተሻልኩም። ራሴ እየነደደ ጆሮዬን አመንኩ። ትልቅ ሴት ነኝ፤ ‹አንሡልኝ› ማለት ነበረብኝ።» መስታወቱ ፊት ተቀምጠው ሻሹን ወደ ኋላ ዘረጉላት። «እሰሪልኝ። ቀኙን ሳትነኪ።»

ምሁሯ ጸጉር ቤት አደገች እንጂ ሻሽ ማሠር አታውቅም። መጀመሪያ ላላ፤ ፈታችው። ሁለተኛ ጠበቀና ዳይሬክተሯ ትከሻቸው ዘለለ፤ ፈታችው። ደጅ ላይ የትምህርት ቤቱ መኪና ሁለት ጊዜ ጡሩምባ ነፋ። ሦስተኛው ያዘ። ዳይሬክተሯ በግራም በቀኝም ዞረው አዩት።

«ያልበሰለ ዳቦ መስያለሁ» አሉ። «ይሁን። ለእናትሽ ንገሪያት፤ ይቅርታዋን መልሼያለሁ፤ የሷ ስላልሆነ። ቁስሉ ሲደርቅ የቀረውን ቆርጣ ታስተካክልልኛለች። በአሥራ አምስተኛው ቀን ቀጠሮ ያዥልኝ።»

«እኔ በዚያን ጊዜ አልኖርም። ወደ ሥራ እሄዳለሁ።»

ዳይሬክተሯ ቦርሳቸውን ከአልጋው ላይ አንሥተው ከፊቷ አለፉ።

«ጥሩ» አሉ።

መሄዷን ይሁን አለመኖሯን፣ የትኛውን ጥሩ እንዳሉ አልጠየቀቻቸውም። መኪናው ሲሄድ እዚያው መንገዱ ዳር ቆማ ስልኳን አወጣች፤ ሐሙስ ጽፋ ያልላከችውን ኢሜይል አጠፋችና ሌላ ጻፈች። አጭር ነበር።